የማን ዓለም ነው? በማይንክራፍት ወደ ጓደኛ ዓለም ስለ መግባት



ርዕሰ መምህር በዓመቱ መጽሔት ላይ ሲጽፍ ስለ ፈተና ውጤት ወይም ስለ ሥነ ሥርዓት እንደሚሆን ትጠብቁ ይሆናል። እኔ ዘንድሮ የምጽፈው ስለ አንድ ጌም ነው። ምክንያቴን ላስረዳ።

በሁለተኛው ወሰነ ትምህርት አንድ ቀን በእረፍት ሰዓት ከቤተ መጻሕፍቱ ጀርባ አራት የስድስተኛ ክፍል ተማሪዎች አንገታቸውን ደፍተው ተቀምጠው አገኘኋቸው። ሁለቱ ታብሌት፣ ሁለቱ ስልክ ይዘዋል። በደንባችን መሠረት ይህ በትምህርት ቤት ግቢ የተከለከለ ስለሆነ፣ ለእኔ ቀረብ ካለው ልጅ ታብሌቱን ተቀብዬ አጠፋሁት። ጥቂት ሳይቆይ ሌሎቹ ሦስቱ በአንድ ድምፅ ጮኹ። የእነሱን ገና አልነካሁም። «ምን ሆናችሁ ነው የምትጮኹት?» ስላቸው ባለ ታብሌቱ ልጅ «ቲቸር፣ ዓለሙ ያለው እኔ ጋ ነው። የኔ ሲዘጋ ሁሉም ይወጣሉ» አለኝ።

በማስተማር ሥራ ብዙ ዓመት ቆይቻለሁ። አንድ ልጅ በቦርሳው ውስጥ የሦስት ጓደኞቹን ቤት ይዞ እንደሚመጣ ግን አላውቅም ነበር።

በዚያው ሰሞን አንዲት ተማሪ «ቤቴን አፈረሰብኝ» እያለች እያለቀሰች ቢሮዬ መጣች። ከሳሿም ተከሳሹም ከእነዚያው አራት ልጆች መካከል ናቸው። የፈረሰው ቤት ጌሙ ውስጥ ያለ ቤት መሆኑን ለመረዳት ጊዜ ወሰደብኝ። በማላውቀው ነገር ልዳኝ አልችልምና ልጆቹን አስቀምጬ «እስቲ አስተምሩኝ» አልኳቸው። የተማርኩትን እነሆ።

ጨዋታው ምንድን ነው?

ማይንክራፍት ማርከስ ፐርሰን በተባለ ስዊድናዊ የተጀመረ ጌም ነው። ለሕዝብ መቅረብ የጀመረው እ.ኤ.አ. በ2009 ሲሆን ሙሉ ሥሪቱ በ2011 ወጣ። በ2014 ማይክሮሶፍት የሠሪውን ኩባንያ በ2.5 ቢሊዮን ዶላር ገዛው። በ2023 የተሸጠው ቅጂ ከ300 ሚሊዮን በላይ መድረሱ ተነግሯል።

በጌሙ ውስጥ ያለው ሁሉ፣ መሬቱም ዛፉም ድንጋዩም፣ ከኩብ የተሠራ ነው። ተጫዋቹ ባዶ እጁን ይጀምራል። ዛፍ ይቆርጣል፣ ከእንጨቱ መሣሪያ ይሠራል፣ በመሣሪያው ድንጋይ ይፈነቅላል፣ ከድንጋዩ ቤት ይሠራል። ይርበዋል፤ ስለዚህ ስንዴ ይዘራል፣ ከብት ያረባል። የጌሙ አንድ ቀንና ሌሊት 20 ደቂቃ ነው። ሲመሽ በጨለማው ውስጥ ጭራቆች ይወጣሉ። ከሁሉ የሚፈራው ክሪፐር የሚሉት አረንጓዴ ፍጡር ነው፤ ድምፅ ሳያሰማ ቀርቦ ይፈነዳና የቤቱን ግድግዳ ይዞ ይሄዳል።

ይህን ሁሉ ብቻን መጫወት ይቻላል። ልጆቻችን የሚወዱት ግን አብሮ መሥራቱን ነው። አንዱ ይቆፍራል፣ አንዱ ያርሳል፣ አንዱ ይገነባል። ደቦ ማለት ነው።

ዓለሙ የት ነው ያለው?

ብዙ ወላጆች ጌሙ «ኢንተርኔት ላይ ያለ» ይመስላቸዋል። እኔም እንደዚያ ነበር የመሰለኝ። አንድ ልጅ አዲስ ዓለም ሲፈጥር ግን ዓለሙ የሚቀመጠው በራሱ ታብሌት ወይም ኮምፒውተር ውስጥ ነው። ጓደኞቹ የሚገቡት እሱ ወዳለበት ነው። እሱ ባለቤት ነው፤ እነሱ እንግዶች ናቸው። ከዚህ ሦስት ነገሮች ይከተላሉ።

አንደኛ፣ ባለቤቱ ጌሙን ሲዘጋ ዓለሙም ይዘጋል፤ እንግዶቹ በሙሉ ይወጣሉ። እኔ ታብሌቱን ሳጠፋው የሆነው ይኸው ነው።

ሁለተኛ፣ ንብረት ከዓለም ወደ ዓለም አይሻገርም። በራሳችሁ ዓለም ውስጥ ሣጥን ሙሉ አልማዝ ቢኖራችሁም ወደ ጓደኛችሁ ዓለም የምትገቡት ባዶ እጃችሁን ነው። እዚያ ያፈራችሁትም እዚያው ይቀራል፤ ተመልሳችሁ ስትገቡ ታገኙታላችሁ።

ሦስተኛ፣ ደንቡን የሚያወጣው ባለቤቱ ነው። ጨዋታው ከባድ ወይም ቀላል እንዲሆን፣ ማን እንደሚገባ፣ የገባው ሰው ምን መንካት እንደሚችል የሚወስነው እሱ ነው።

ከመግባት በፊት

ጌሙ ሁለት ዋና ዓይነት አለው። ጃቫ የሚባለው በኮምፒውተር ብቻ የሚሠራ ነው። ቤድሮክ የሚባለው በስልክ፣ በታብሌት፣ በኤክስቦክስ፣ በፕሌይስቴሽን፣ በኒንቴንዶ ስዊችና በዊንዶውስ ኮምፒውተር ይሠራል። ባለ ጃቫው በባለ ቤድሮኩ ዓለም፣ ባለ ቤድሮኩም በባለ ጃቫው ዓለም መግባት አይችልም። በዊንዶውስ ኮምፒውተር ላይ ሁለቱም ሊኖሩ ስለሚችሉ የትኛውን እንደከፈታችሁ እዩ። ጌሙን ለልጃችሁ ልትገዙ ያሰባችሁ ወላጆች ከመክፈላችሁ በፊት የልጁ ጓደኞች በየትኛው እንደሚጫወቱ ጠይቁ።

ቀጥሎ የሥሪት ቁጥሩን አመሳስሉ። ቁጥሩ በጌሙ የመጀመሪያ ገጽ ላይ ከታች ተጽፎ ይገኛል። አንዱ አሻሽሎ ሌላው ካላሻሻለ አይገናኙም።

አራቱ መንገዶች

የመጀመሪያው መንገድ አንድ ዋይፋይ ላይ መሆን ነው። ሁሉም በአንድ ቤት ኔትዎርክ ላይ ካሉ፣ በቤድሮክ ባለቤቱ ዓለሙን ሲከፍት በሌሎቹ ዝርዝር ውስጥ ይታያል፤ ነክተው ይገባሉ። በጃቫ ደግሞ ባለቤቱ ጨዋታውን ቆም አድርጎ «ኦፕን ቱ ላን» የሚለውን መጫን አለበት። ከቤተ መጻሕፍቱ ጀርባ የነበሩት ልጆች የአንዱን ስልክ ሆትስፖት ከፍተው የተጠቀሙት ይህን መንገድ ነው። ለወላጅ ከሁሉ የሚያሳስበው ያነሰው ይህ ነው፤ የሚጫወቱት ልጆች በሙሉ ሳሎናችሁ ውስጥ ተቀምጠዋልና።

ሁለተኛው በቤድሮክ የጓደኛ ዝርዝር በኩል በኢንተርኔት መገናኘት ነው። እያንዳንዱ ልጅ በማይክሮሶፍት አካውንት ይገባል፤ የመጫወቻ ስም ይኖረዋል። አንዱ የሌላውን ስም ፈልጎ የጓደኝነት ጥያቄ ይልካል፣ ሌላው ይቀበላል። ከዚያ በኋላ ባለቤቱ ዓለሙን ለብዙ ተጫዋች ክፍት አድርጎ ሲጫወት ጓደኛው ያየዋል። ባለቤቱ የጋበዛቸው ብቻ፣ ጓደኞቹ ብቻ ወይም የጓደኞቹም ጓደኞች እንዲገቡ መምረጥ ይችላል። በዚህ መንገድ በአንድ ጊዜ እስከ 8 ሰው ይጫወታል። በኮንሶል የሚጫወት ልጅ የኮንሶሉ ኩባንያ የሚያስከፍለው የኦንላይን ክፍያ ሊያስፈልገው ይችላል።

ሦስተኛው ሪልምስ ይባላል። ዓለሙ ከልጁ ታብሌት ወጥቶ በጌሙ ኩባንያ ኮምፒውተር ላይ ይቀመጣል። በየወሩ የሚከፈልበት የኪራይ ቤት በሉት። የሚከፍለው ባለቤቱ ብቻ ነው፤ የተጋበዙት በነፃ ይገባሉ። ትልቁ ዓይነት ባለቤቱንና ሌሎች 10 ሰዎችን በአንድ ጊዜ ይይዛል። ጥቅሙ ባለቤቱ ተኝቶም ሌሎቹ መጫወት መቻላቸው ነው።

አራተኛው ሰርቨር ነው። ሰርቨር እንደ ቤት ቁጥር አድራሻ አለው፤ ከአድራሻው ጋር የበር ቁጥር ይጻፋል። የተለመደው የበር ቁጥር በጃቫ 25565፣ በቤድሮክ 19132 ነው። ዘመድ ወይም ጓደኛ የከፈተው አነስተኛ ሰርቨር አለ፤ በሺህ የሚቆጠሩ የማይተዋወቁ ሰዎች የሚገቡበት የአደባባይ ሰርቨርም አለ። ሁለቱን አታምታቱ። የመጀመሪያው የጎረቤት ቤት ነው፤ ሁለተኛው ገበያ ነው። ልጅን ብቻውን ገበያ የምንልክበትን ዕድሜና ሁኔታ እናውቃለን።

ለትምህርት ቤቶች የተዘጋጀ ሌላ የጌሙ ዓይነትም አለ። በእሱ መምህሩ ዓለሙን ሲከፍት ተከታታይ ትንንሽ ሥዕሎች ይወጣሉ፤ ተማሪዎቹ እነዚያን ሥዕሎች በቅደም ተከተል ነክተው ይገባሉ። ይህ ዓይነት ከቤት ጌም ጋር አይገናኝም።

«አልገባ አለኝ» ሲሉ

በቤት ውስጥ ከፍተኛው ልቅሶ የሚሰማው እዚህ ላይ ነው። ታብሌቱን ከመምታት በፊት በዚህ ቅደም ተከተል እዩ።

መጀመሪያ፣ ሁለታችሁም አንድ ዓይነት ጌም ነው ያላችሁ? የሥሪት ቁጥሩስ አንድ ነው? ቀጥሎ፣ ባለቤቱ አሁን ዓለሙ ውስጥ አለ? ከሌለ የሚገባበት ቤት የለም። ካለ ደግሞ ዓለሙ ለብዙ ተጫዋች ክፍት መሆኑን በቅንብሩ ውስጥ ያረጋግጥ። ሰው ሞልቶ እንደሆነም ይይ። አንድ ዋይፋይ ላይ ሆናችሁ ካልተያያችሁ አንደኛችሁ ለእንግዳ በተለየው ዋይፋይ ላይ ልትሆኑ ትችላላችሁ፤ እንዲህ ዓይነቱ ብዙ ጊዜ መሣሪያዎችን እርስ በርስ አያገናኝም።

ይህ ሁሉ ትክክል ሆኖ ጌሙ «የአካውንትህ ቅንብር አይፈቅድም» የሚል መልእክት ካሳየ ጥፋቱ የልጁ አይደለም። የልጅ አካውንት ከወላጅ አካውንት ጋር የተያያዘ ነው። ከሰው ጋር መጫወትንና ጓደኛ መጨመርን የሚፈቅደው ወላጁ ነው፤ ፈቃዱ የሚሰጠውም በጌሙ ውስጥ ሳይሆን በወላጁ አካውንት በኩል በኤክስቦክስ የግላዊነት ቅንብር ውስጥ ነው። ይህን መልእክት ሲያዩ አንዳንድ ልጆች የተወለዱበትን ዓመት አስበልጠው ሌላ አካውንት ይከፍታሉ። ልጃችሁ ወደዚያ ከመሄዱ በፊት አብራችሁ ተቀምጣችሁ ፈቃዱን ማስተካከል ይሻላል። ያን ጊዜ ማን ምን እንደፈቀደ ታውቃላችሁ።

የእንግዳ ሥርዓት

አሁን ወደ ፈረሰው ቤት ልመለስ። ልጅቷ «እሱ ነው ያፈረሰው» አለች። ልጁ «ክሪፐር ነው» አለ። እንደ ርዕሰ መምህር ማስረጃ ፈለግሁ። ሆኖም ጌሙ ማን ምን እንዳፈረሰ፣ ማን ከማን ሣጥን ምን እንደወሰደ መዝግቦ አያሳይም። የቀረኝ ሁለቱንም ቀስ ብሎ መጠየቅ ነበር። በመጨረሻ ነገሩ ወጣ። ልጁን ክሪፐር እያሳደደው ነበር። ሲጨንቀው ሮጦ የገባው እሷ ቤት ነው፤ ክሪፐሩም ተከትሎት በሩ ላይ ፈነዳ። ከዚያ «እኔ ነኝ ያመጣሁት» ከማለት ዝም ብሎ ወጣ። እሱ አላፈረሰም፤ እሷም አልዋሸችም። የጎደለው መናገሩ ነበር።

ቅጣት አልሰጠሁም። ባለ ታብሌቱ ልጅ ግን የራሱን ፍርድ ሰጠ። በቤድሮክ ባለቤቱ ለእያንዳንዱ ሰው ሦስት ዓይነት ደረጃ መስጠት ይችላል። ጎብኚ ዞሮ ያያል፣ ነገር ግን አይሠራም፣ አያፈርስም፣ ሣጥንም አይከፍትም። አባል ይሠራል፣ ያፈርሳል። የበላይ ተቆጣጣሪ ደግሞ ደንብ ጭምር ይቀይራል። ልጁ ለአንድ ሳምንት ጎብኚ ሆነ። ሳምንቱ ሲያልቅ የልጅቷን ቤት በድንጋይ መልሶ ሠራላት።

ከዚህ በኋላ አራቱ ተስማምተው ደንብ ጻፉ። ደንቡን እኔ አላወጣሁትም፤ ከወረቀታቸው ነው የወሰድኩት።

የሰው ሣጥን ሳትጠይቅ አትክፈት። ከተበደርክ መልስ። የተከልከው ሲደርስ ሰብስበህ እንደገና ዝራ። ስትቆፍር የተዝረከረከ ጉድጓድ በሰው ደጅ አትተው። ሲመሽ ሁሉም ይተኛ፤ ደንቡ ካልተቀየረ በስተቀር አንዱ አልተኛም ካለ ለሁሉም አይነጋም። ጓደኛህ ሲሞት ዕቃው መሬት ላይ ይበተናል፤ በ5 ደቂቃ ውስጥ ካልተነሳ ይጠፋል። ስለዚህ ቅርብ ያለው ያንሳለት፣ ሲመጣም ያስረክበው። ያጠፋህ እንደሆነ ከመጠየቅህ በፊት ተናገር።

የመጨረሻዋን የጻፋት ክሪፐሩን ያመጣው ልጅ ነው።

ለወላጆች ሦስት ጥያቄዎች

ልጃችሁ «ጓደኛዬ ዓለም ልግባ?» ሲል ጌሙን ማወቅ አይጠበቅባችሁም። ሰው ቤት ሲሄድ የምትጠይቁትን ጠይቁ።

የማን ዓለም ነው? ባለቤቱን ልጃችሁ በአካል ያውቀዋል? ስሙን ብቻ ሳይሆን የየትኛው ክፍል፣ የማን ልጅ እንደሆነ ይንገራችሁ።

ሌላ ማን አለ? ባለቤቱ የጓደኞቹም ጓደኞች እንዲገቡ ፈቅዶ ከሆነ ልጃችሁ ከማያውቀው ሰው ጋር ሊገናኝ ይችላል። በጌሙ ውስጥ በጽሑፍ ማውራት ይቻላል። እውነተኛ ስም፣ ስልክ፣ ትምህርት ቤትና ሰፈር እዚያ አይጻፍም። የይለፍ ቃል ለማንም አይሰጥም፤ ለልብ ጓደኛም ቢሆን። «ስጠኝና አልማዝ ልጨምርልህ» የሚል ሰው ሌባ ነው።

መቼ ነው የሚያልቀው? ይህን ጥያቄ የጨመርኩት ከራሴ ስሕተት ነው። ልጃችሁ ባለቤት ከሆነ ታብሌቱን በድንገት ስትነጥቁት የሌሎች ሦስት ቤት ልጆችንም ከቤት ታስወጣላችሁ። እንግዳ ከሆነ ደግሞ መሣሪያው በአደጋ መካከል ሲጠፋበት ያፈራውን ሊያጣ ይችላል። «አሥር ደቂቃ ቀርቶሃል» በሉት። ቤቱ ይግባ፣ ለጓደኞቹም ይንገር። አሥሩ ደቂቃ ሲያልቅ ግን ያልቃል። እኔም የትምህርት ቤታችንን ደንብ አልቀየርኩም፤ ስልክና ታብሌት አሁንም በግቢው ክልክል ነው። ታብሌት ስወስድ ግን መጀመሪያ «ዓለሙ የማን ነው? ንገራቸውና ዝጋ» እላለሁ።

ባለቤቱ ሲሄድ

እዚህ ናይሮቢ ያለን ማኅበረሰብ መንገደኛ ነው። በየዓመቱ ከየክፍሉ ጥቂት ወንበር ባዶ ይሆናል፤ አንዱ ወደ አገር ቤት ይመለሳል፣ አንዱ ወደ ሌላ አገር ያቀናል። ባለ ታብሌቱ ልጅም በሦስተኛው ወሰነ ትምህርት መጀመሪያ ከቤተሰቡ ጋር ወደ ካናዳ እንደሚሄድ ተነገረ። ሦስቱ ጓደኞቹ ቢሮዬ መጥተው የጠየቁኝ አንድ ነገር ነው፦ «ቲቸር፣ እሱ ሲሄድ ዓለማችንስ?»

መልሱን ያገኙት ራሳቸው ናቸው። በስልክ፣ በታብሌትና በዊንዶውስ ኮምፒውተር ላይ የቤድሮክን ዓለም ቅጂ እንደ አንድ ፋይል አውጥቶ ለሌላ ሰው መስጠት ይቻላል። ተቀባዩ ሲከፍተው ዓለሙ ከነቤቱ ከነእርሻው ይመጣል። ነገር ግን ሁለት ቅጂ ማለት ሁለት ዓለም ማለት ነው፤ በአንዱ የተሠራው በሌላው አይታይም። ስለዚህ ከእንግዲህ ዋናው ዓለም የትኛው እንደሆነ መስማማት ነበረባቸው። ብዙዎቹ እዚህ ስለሚቀሩ ዓለሙ ቤቷ ፈርሶባት ከነበረችው ልጅ ጋር እንዲቀመጥ ወሰኑ። ባለቤቱ ከመሄዱ በፊት በነበረው ቅዳሜ ፋይሉን ሰጣት።

ፋይሉን በራሷ ታብሌት ስትከፍተው ያልጠበቀችው ነገር ሆነ። ጌሙ ዓለሙን የሚከፍተውን ሰው በፊተኛው ባለቤት ቦታ ያቆመዋል። ራሷን ያገኘችው እሱ በመጨረሻ ቆሞ በነበረበት፣ የዋሻው አፍ ላይ ነው። በእጇ የእሱ መቆፈሪያ፣ በቦርሳዋ የእሱ ዳቦና የእሱ 11 አልማዝ ነበር። የራሷን ዕቃ አላገኘችም። ዳቦውን ጨምሮ አንዱንም ሳትነካ ሁሉንም አንድ ሣጥን ውስጥ አስገብታ ስሙን ጻፈችበት።

እኛ ዘንድ ቅዳሜ ማታ 12 ሰዓት ሲሆን ካናዳ ጠዋት ነው። የመጀመሪያው ቅዳሜ በስልክ እየተደዋወሉ ገባ። የቀረውን የነገሩኝ የልጅቷ አያት ናቸው። ዓለሙን የሠራው ልጅ አሁን እንግዳ ሆኖ ስለገባ፣ እንደ ማንኛውም አዲስ እንግዳ ባዶ እጁን ዓለሙ የሚጀመርበት ሜዳ ላይ ተገኘ። እዚያው ቆሞ «ምንም የለኝም» አለ። እናቱ ከጀርባው ሆነው «በል፣ ቤት ለእንቦሳ በላቸው» ሲሉት በስልኩ ተሰማ። ልጆቹ ምን ብለው እንደሚመልሱ አያውቁም ነበር። አያትየው ከወጥ ቤት ሆነው «እንቦሳ እሰሩ!» አሉ።

ልጅቷ ሜዳው ድረስ ሄዳ ተቀበለችው፤ ወደ ሣጥኑም ወሰደችው። ሁሉንም ቆጥሮ ተረከበ። አልማዙ 11 ነበር።